«እርሳሱ ያምራል»

ከሒሳብ ክፍል የመጣው የብልሽት ጥያቄ አንድ መስመር ነበር፦ «ማውሱ ያልነካሁትን ይጫናል።» እንዲህ ያለ ጥያቄ ሲመጣ የአይቲ ሰው እጁ ወዴት እንደሚሄድ የታወቀ ነው፤ ትርፍ ማውስ ወዳለበት መሳቢያ። ከፍተኛ ባለሙያው ወርዶ ከሠራተኛዋ አጠገብ ተቀመጠ። ስክሪኑን አየ፤ በነጩ ቀስት ፈንታ ወዲያ ወዲህ የምትለውን ቢጫ እርሳስ ተመለከተና «እርሳሱ ያምራል» አለ። ከዚያ ማውሱን ቀየረ።

አልተሻለም። የዩኤስቢ መሰኪያውን ቀየረ፤ ማውሱን ከኮምፒውተሩ ጋር የሚያግባባውን ድራይቨር አጥፍቶ እንደገና ጫነ። በመጨረሻ ማውስ ፕሮፐርቲስ የሚባለው የማውስ ማስተካከያ መስኮት ውስጥ ገብቶ «ኢንሃንስ ፖይንተር ፕሪሲዥን» የሚለው ላይ ያለውን ምልክት አነሳ። ይህ ምርጫ ጠቋሚው እንደ እጅ ፍጥነት እንዲፈጥንና እንዲዘገይ ያደርጋል እንጂ ክሊክ የሚያርፍበትን ቦታ አንድ ፒክስል፣ አንድ የስክሪን ነጥብ፣ እንኳ አያዛንፍም። ሆኖም የሚነካካ ነገር ሲጠፋ ሁሉም የሚሄደው ወደሱ ነው።

ነገሩን ያወሳሰበው ብልሽቱ ሁሌ አለመታየቱ ነው። ብሮውዘር ላይ ሊንክ ሲጫኑ ልክ ነው። ጽሑፍ መጻፊያ ሳጥን ውስጥ ሲገቡ ልክ ነው። ኤክሴል ላይም የተነካው ሴል ያለ ስህተት ይመረጣል። የሒሳብ ፕሮግራሙ ውስጥ ሲገባ ግን «መዝግብ» የተባለው «ሰርዝ» ይሆናል፤ ከዝርዝሩ አምስተኛውን ረድፍ ሲነኩ ከእሱ በላይ ያለው ይመረጣል። በኪቦርድ፣ በታብና በኢንተር ሲሠራ ደግሞ ምንም ችግር የለም። ባለሙያው ከዚህ ተነሥቶ ጥፋቱ የፕሮግራሙ ነው ብሎ ደመደመና ለሻጩ ረጅም ቅሬታ ጻፈ። ከሻጩ የመጣው መልስ አጭር ነበር፦ «ማውስ ቀይራችሁ ሞክሩ።»

ቀጥሎ ስክሪንሻት ተጠየቀ። ሠራተኛዋ የእርሳሷን ጫፍ «መዝግብ» ላይ እንዳሳረፈች ፕሪንት ስክሪን ተጭና ላከች። ዊንዶውስ በፕሪንት ስክሪን ሲያነሣ የማውሱን ጠቋሚ ከምስሉ ስለሚተወው የደረሰው ፎቶ ላይ እርሳስ የሚባል ነገር የለም። ባለሙያው ከቢሮው ሳይነሣ በርቀት ተገናኘ። የሚገናኝበት ፕሮግራም የወዲያኛውን ኮምፒውተር ጠቋሚ መልክ እንዲያመጣ አልተደረገም፤ ስለዚህ የታየው የራሱ ቀስት ነው፤ በራሱ ቀስት ደግሞ የነካው ሁሉ በትክክል ተጫነ።

«ይኸው፣ ይሠራል እኮ!» አለ በስልክ።

«አንተ ስትነካው ነዋ የሚሠራው።»

«እርስዎ የቱ ላይ አድርገው ነው የጫኑት?»

«መዝግብ ላይ።»

«ኮምፒውተሩ ሰርዝ ላይ ነው የሚለው።»

«ልጄ፣ ዓይኔ ላይ መነጽር እንጂ መጋረጃ የለም። ጫፉ መዝግብ ላይ ነበር።»

«ኮምፒውተር አይሳሳትም፣ እመቤቴ።»

ሁለቱም እውነታቸውን ነው። ጫፉ መዝግብ ላይ ነበር፤ ክሊኩም ሰርዝ ላይ አርፏል። ባለሙያው ግን ከሁለቱ እውነቶች የራሱን መርጦ ጥያቄውን «የአጠቃቀም ችግር» ብሎ ዘጋው። ጽሑፉ እስከ ዛሬ ሲስተሙ ላይ አለ፤ የከፈተው ሁሉ ያነበዋል።

መፍትሔው የመጣው ፕሪንተር ሊያስተካክል ከወረደ ተለማማጅ ነው። ሠራተኛዋ ስታማርር ሰማና ማውሱን ይዞ ወደ ስክሪኑ የላይኛው ጠርዝ ገፋው። ደጋግሞ ገፋው። እርሳሷ ጠርዙ ላይ ደርሳ ቆመች፤ ወደ ታች ግራ የተቀሰረው ጫፏ ግን ከጠርዙ ርቆ ቀረ። በስክሪኑ ሙሉ የተዘረጋውን መስኮት መዝጊያ ኤክስ ለመንካት ቢሞክር ጫፏ አይደርስባትም። ከኤክሷ በታች ባዶ ቦታ ላይ ጫፏን አቁሞ ቢጫን መስኮቱ ተዘጋ።

ነገሩ እንዲህ ነው። ማንኛውም የጠቋሚ ፋይል ከሥዕሉ ሌላ አንዲት ነጥብ በውስጡ ይይዛል፤ ሆትስፖት ይሏታል። ዊንዶውስ «እዚህ ተጫነ» የሚለው ያቺን ነጥብ እንጂ ሥዕሉን አይቶ አይደለም፤ ከስክሪን መውጣት የማትችለውም እሷ ናት። በተለመደው ቀስት ነጥቧ ከጫፉ ጋር ትገጥማለች፤ ጫፉ ያለው የሥዕሉ የላይኛው ግራ ጥግ ላይ ነውና፣ መጀመሪያ ከግራ ቀጥሎ ከላይ ሲቆጠር፣ ቁጥሩ 0፣ 0 አካባቢ ነው። ቀስቱ ድሮውንም እንዲህ አልነበረም፤ እ.ኤ.አ. በ1960ዎቹ የዳግላስ ኤንግልባርት ቡድን ማውስን ሲሠራ ቀጥ ብሎ ወደ ላይ የሚያመለክት ነበር። በዜሮክስ ፓርክ ቤተ ሙከራ ያዘነበለው በዚያ ዘመን ጥራት ባልነበረው ስክሪን ላይ አንድ ጎኑ ቀጥ ያለ፣ ሌላው ጎኑ 45 ዲግሪ የዞረ ቀስት በግልጽ ስለሚታይ ነው። ከዚያ ወዲህ ሁሉም የለመደው የላይኛውን ግራ ጥግ ነው፤ ፎቶን ወደ ጠቋሚ የሚቀይሩ ብዙ ፕሮግራሞችም ካልተነገራቸው 0፣ 0 ብለው ያስቀምጣሉ። እርሳሷ ግን የምትቀሰረው ወደ ታች ግራ ነው። ሥዕሏ 32 በ32 ፒክስል ስለሆነ ጫፏ 0፣ 31 ላይ ነው ያለው። ክሊኩ ሁሌ ከጫፏ 31 ፒክስል ከፍ ብሎ ያርፋል ማለት ነው። ማሳያው ወደ 150 በመቶ ከሰፋ ጠቋሚውም አብሮ ስለሚያድግ ክፍተቱ ይብሳል።

አንዴ ታይቶ አንዴ የሚጠፋበት ምክንያትም ያው ነው። የዊንዶውስ ጠቋሚ አንድ አይደለም፤ ዊንዶውስ 10ና 11 ላይ ዝርዝሩ 17 ነው፦ ተራው ቀስት፣ የጽሑፍ መስመሩ፣ የሊንክ እጁ፣ የመጠበቂያ ክቡ፣ መጠን መቀየሪያዎቹ፣ ሌላውም። እርሳሷ የተተካችው «ኖርማል ሰሌክት» በሚባለው በተራው ቀስት ብቻ ነበር። ስለዚህ ሊንክ ላይ የሚመጣው ያልተነካው እጅ ነው፤ ሳጥን ውስጥ የሚመጣው ያልተነካው መስመር ነው። ኤክሴል ደግሞ ነጩን መስቀል የሚያወጣው ከራሱ ስለሆነ የዊንዶውስ ምርጫ አይነካውም። የሒሳብ ፕሮግራሙ ቁልፎችና ረድፎች ላይ ግን የሚመጣው ተራው ቀስት፣ ማለትም እርሳሷ ነች። ቁልፎቹ ቁመታቸው ትንሽ ሆኖ ከላይ ወደ ታች ስለተደረደሩ 31 ፒክስል አንድ ቁልፍ ለመዝለል ይበቃል። ሻጩ ላይ የተጻፈው ያ ሁሉ ገጽ በከንቱ ነው።

የሚያስተካክለው ሰው አንዱን መንገድ መምረጥ ይችላል። ቀላሉ የዊንዶውስን ቁልፍ ከአር ጋር ተጭኖ «ሜይን ዶት ሲፒኤል» ብሎ መጻፍ ነው፤ በዚያው የማውስ ፕሮፐርቲስ መስኮት ይከፈታል። «ፖይንተርስ» የሚለው ታብ ውስጥ «ኖርማል ሰሌክት»ን መርጦ «ዩዝ ዲፎልት»፣ ከዚያ «አፕላይ»። አንድ ደቂቃ አይፈጅም። ተለማማጁ ግን ሠራተኛዋ እርሳሷን እንደወደደቻት ስላየ ፋይሉን ራሱን አረመው። የጠቋሚ ማረሚያ ፕሮግራም ከፍቶ የነጥቧን ቁጥር ከ0፣ 0 ወደ 0፣ 31 ለወጠ። ማረሚያ የሌለው የፋይልን ባይቶች አንድ በአንድ በሚያሳይ ሄክስ ኤዲተርም ያደርገዋል፦ የመጀመሪያው ሥዕል አግድም ቁጥር ከ0 ሲቆጠር ባይት 10 ላይ፣ ቁመቱ ባይት 12 ላይ ነው፤ ባይት 12 ላይ 1ኤፍ ተጽፎ ሲቀመጥ 31 ማለት ነው። ብዙ የሚረሳው ነገር አንድ ፋይል በርካታ መጠን መያዙ ነው። 48 እና 64 ፒክስል ሥዕሎችም ካሉበት ለየራሳቸው 47 እና 63 ሊጻፍላቸው ይገባል፤ 32ን ብቻ ያረመ ሰው ማሳያውን ባሰፋ ቀን ያው ቅሬታ ይመለስበታል።

ከዚያ ፋይሉ የተቀመጠበትን ቦታ አየ፤ ዳውንሎድስ። የዊንዶውስ ምርጫዎች የሚመዘገቡበት ሬጅስትሪ የሚይዘው የፋይሉን መንገድ እንጂ ፋይሉን አይደለም፤ ዳውንሎድስን ያጸዳ ሰው ተመልሶ ሲገባ እርሳሱን አጥቶ ነጩን ቀስት ያገኛል። የዊንዶውስ የራሱ ጠቋሚዎች የሚቀመጡት ሲ ድራይቭ ላይ በዊንዶውስ ፎልደር ውስጥ «ከርሰርስ» በሚለው ነው፤ እዚያ ለማስገባት የአስተዳዳሪ ፈቃድ ይጠይቃል። ተለማማጁ ስለዚህ ማንም በማይደርስበት በራሷ ፎልደር አኖረው፤ «ሴቭ አዝ» ብሎ በስም አስቀመጠና «አላው ቲምስ ቱ ቼንጅ ማውስ ፖይንተርስ» የሚለውን ምልክት አነሳ፤ አለበለዚያ የጀርባ ምስል ከነቲሙ የቀየረች ዕለት እርሳሱም አብሮ ሊሄድ ይችላል። ማውሱን እንደገና ወደ ላይኛው ጠርዝ ገፋው። ጫፉ ጠርዙን ነካ፤ የእርሳሱ ግንድ ከስክሪኑ ውጭ ወጥቶ አልታየም። እንዲህ ነው መሆን ያለበት።

ከፍተኛ ባለሙያው ነገሩን ሲሰማ ያደረገው ማስታወቂያ መለጠፍ ነው፦ «የማውስ ጠቋሚ መቀየር ክልክል ነው።» ምክንያቱ ተጽፎበታል፣ «ለሲስተም ደኅንነት»። ጠቋሚ መቀየር ግን ለሁሉም ሰው ጌጥ ብቻ አይደለም፤ ዓይኑ የሚደክምና ሰፊ ስክሪን የሚጠቀም ሰው ነጩን ቀስት ሲፈልግ ይውላል። ለዚያ ሰው ፋይል ማውረድ አያስፈልግም። ዊንዶውስ 11 ላይ ሴቲንግስ፣ አክሰሲቢሊቲ፣ «ማውስ ፖይንተር ኤንድ ተች» ውስጥ መጠኑ ከ1 እስከ 15 ይደርሳል፣ ቀለሙም እንደልብ ነው፤ 3 ወይም 4 ለአብዛኛው ሰው ይበቃል፣ 15 ብዙ ቁልፎችን ይሸፍናል። እዚያ የተመረጠው ቀደም ሲል በፖይንተርስ ታብ የተዘጋጀውን እንደሚያፈናቅል ግን መታወቅ አለበት። ቀስቱን ቶሎ ለማግኘት ብቻ ከሆነ «ፖይንተር ኦፕሽንስ» ታብ ላይ ኮንትሮል ሲጫኑ ቦታውን በክብ እንዲያሳይ የሚያደርገውን ማብራት ይሻላል።

ማስታወቂያውን የለጠፈው ባለሙያ በሚቀጥለው ስብሰባ ፕሮጀክተር ላይ ሲያቀርብ ጠቋሚው ቢጫ ነበር፣ መጠኑም ከሩቅ ይታያል። ማንም አልተናገረውም። ለሻጩ የተጻፈው ቅሬታ ደግሞ ማንም ሳይሰርዘው ተረስቶ ከርሞ በመጨረሻ መልስ መጣለት፦ «ችግሩ በአዲሱ የፕሮግራሙ ዝማኔ ተስተካክሏል።»