የፋስቢንደርን ፊልሞች እንዴት ደርድሬ እንዳሳየሁ

የጀርመናዊውን የፊልም ዳይሬክተር የራይነር ቬርነር ፋስቢንደርን ሥራዎች ለፊልም ክበብ ሳዘጋጅ መጀመሪያ የተውኩት በተሠሩበት ዓመት መደርደርን ነው። ሰውየው ከ1969 እስከ 1982 ድረስ (ዓመቶቹ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው) ወደ 40 የሚጠጉ ሥራዎች ሠርቶ በ37 ዓመቱ ሞቷል። ግን ከመጀመሪያው ፊልሙ፣ «ፍቅር ከሞት ይቀዘቅዛል» ከሚለው፣ የሚጀምር ተመልካች ነጭ ግድግዳ ፊት ቆመው ዝም የሚሉ ሰዎችን ለአንድ ሰዓት ተኩል ያህል አይቶ ይሄዳል፤ ሁለተኛ አይመለስም። በ1969ኙ የበርሊን ፌስቲቫልም ላይ ጮኸውበታል።

እኔ የምከፍተው በ1974ቱ «ፍርሃት ነፍስን ይበላል» ነው። 93 ደቂቃ ነው፣ ቀረጻው የወሰደው ሁለት ሳምንት ያህል ብቻ ነው፣ ታሪኩም ቀጥተኛ ነው። ሙኒክ ውስጥ በጽዳት ሥራ የምትተዳደር ኤሚ የምትባል ባሏ የሞተባት ሴት፣ በዕድሜ በጣም የሚያንሳትን ሞሮኳዊ ሠራተኛ አሊን ታገባለች። ጎረቤት ያድማል፣ ልጆቿ ይክዷታል። ኋላ ሁሉም ጥቅሙን አስቦ ሲታረቃት፣ ራሷ ኤሚ ትለወጣለች። አሊ ኩስኩስ አምሮት ሥሪልኝ ሲላት ጀርመን አገር ኩስኩስ አይበላም ብላ ትመልሰዋለች፤ እሱም ወደሚያዘወትረው ቡና ቤት ሴት ባለቤት ዘንድ ይሄዳል። ከተመልካቾቹ መካከል ዓረብ አገር ወይም አውሮፓ ሠርቶ የኖረ ሰው ካለ ውይይቱ እዚህ ላይ በራሱ ይነሳል፤ አወያይ ነኝ ብሎ ጣልቃ መግባት አያስፈልግም።

የዚህ ፊልም ምስል ወደ ካሬ የቀረበ ነው፤ ወርዱ የቁመቱ 1.37 እጥፍ ነው። ስክሪኑ 2 ሜትር ወርድ ያለው 16 ለ9 ከሆነ ቁመቱ 1.125 ሜትር ስለሚሆን፣ ምስሉ መያዝ ያለበት ወርድ 1.54 ሜትር ገደማ ነው። በግራና በቀኝ 23 ሴንቲ ሜትር ያህል ጥቁር ይቀራል። ያ ጥቁር ደስ የማይለው ሰው ሁልጊዜ አይጠፋም፤ ተነስቶ ስክሪኑን «ሙላ» የሚለውን ይጫናል። ያኔ የሰው ፊት ይወፍራል፣ ወይም ከላይና ከታች ይቆረጣል። ፋስቢንደር ሰዎቹን በበር መቃን፣ በደረጃ መደገፊያና በመስኮት ውስጥ አስሮ ነው የሚያሳየው፤ መቃኑ ከተቆረጠ እስሩም የለም። ስለዚህ ፕሮጀክተሩን አስቀድሜ ወደ መጀመሪያው መጠን አስተካክዬ ሪሞቱን ኪሴ ውስጥ እከተዋለሁ።

ፊልሙ ካለቀ በኋላ፣ መነሻ ከሆነው ከሆሊዉዱ ዳይሬክተር ከዳግላስ ሰርክ የ1955 ፊልም «ሰማይ የሚፈቅደው ሁሉ» አንድ ትዕይንት ብቻ አሳያለሁ። እዚያ አትክልተኛ የወደደችን እናት ልጆቿ ፍቅሯን ካስተዉአት በኋላ ቴሌቪዥን ይገዙላታል፤ መስታወቱ ላይ የራሷን ፊት ታያለች። ፋስቢንደር ዘንድ ደግሞ ልጅየው የእናቱን ቴሌቪዥን በእርግጫ ይሰብረዋል። ይህን አስቀድሞ ማሳየት ጉዳት አለው፤ ተመልካቹ ታሪኩን ትቶ መመሳሰል ሲፈልግ ያመሻል።

ቀጥሎ የሚመጣው ጥያቄ «እንዴት በዚህ ፍጥነት ሠራ?» የሚለው ነው። ብዙዎች መልሱን ከአደንዛዥ ዕፁና ከፍቅር ሕይወቱ ይፈልጉታል፤ በዚያ በር ከተገባ ምሽቱ በሐሜት ያልቃል። እኔ ሠራተኛውንና ገንዘቡን ነው የምከተለው። ሙኒክ ውስጥ «አንቲቴአተር» ከሚባለው የቲያትር ቡድን ያመጣቸው ሰዎች በየፊልሙ ይመላለሳሉ፦ ሃና ሺጉላና ኢርም ሄርማን ትወናውን፣ ፔር ራበን ሙዚቃውን፣ ኩርት ራብ ትወናውንም ዲኮሩንም ይዘዋል። የብዙዎቹን ኤዲቲንግ ፋስቢንደር ራሱ «ፍራንዝ ቫልሽ» በሚል ስም ይሠራ ነበር። ለብዙዎቹ ሥራዎች ገንዘብ የመጣው ከቴሌቪዥን ነው፣ በተለይ ቬዴኤር ከሚባለው የምዕራብ ጀርመን ጣቢያ። «ካትሰልማኸር» በ9 ቀን፣ «የፔትራ ፎን ካንት መራራ እንባ» በ10 ቀን ተቀርጸዋል፤ ሁለተኛው ከአንዲት ሴት ቤት ጨርሶ አይወጣም።

ስልቱ የት እንደሚሰበር ለማሳየት ከፔትራ ጋር የ1971ዱን «ከቅድስቲቱ ጋለሞታ ተጠንቀቅ» አጣምራለሁ። ባሕር ዳር ያለ ሆቴል ውስጥ የፊልም ቡድን ገንዘብና ጥሬ ፊልም እስኪመጣ እየጠጣና እየተናከሰ ይጠብቃል። መነሻው በ1970 ስፔን፣ አልሜሪያ ላይ «ዋይቲ» የተባለው የፋስቢንደር ፊልም ሲቀረጽ የደረሰው ትርምስ ነው። ያው ቡድን ነው፤ የጎደለው አንድ ክፍልና በጊዜው የሚደርስ ገንዘብ ነው።

ስለ ድኅረ ጦርነቷ ጀርመን የሠራቸውን ሦስቱን ፊልሞች በታሪካቸው ዘመን ነው የማሳየው፦ «የማሪያ ብራውን ትዳር»፣ «ፌሮኒካ ፎስ»፣ «ሎላ»። የተሠሩት በ1979፣ በ1982 እና በ1981 ነው፤ እሱ ራሱ ግን ፌሮኒካን ሁለተኛ ብሎ ቁጥር ሰጥቷታል። ማሪያ ብራውን ላይ ትልቁ ችግር ድምፁ ነው። ከንግግሩ ሥር ሬድዮ አለ፦ የያኔው መራኄ መንግሥት አደናወር መጀመሪያ ጦር አናቋቁምም ይላል፣ ኋላ እናቋቁማለን ይላል። የመጨረሻው ትዕይንት ላይ ደግሞ ጀርመን ሃንጋሪን 3 ለ2 ያሸነፈችበት የ1954 የዓለም ዋንጫ ፍጻሜ ይተላለፋል። ሰብታይትሉ ይህን ሁሉ ላይጽፈው ይችላል፤ ስለዚህ ሬድዮውን እንዲያዳምጡ አስቀድሜ እነግራለሁ፣ ድምፁንም ከላፕቶፕ ሳይሆን ከውጭ ስፒከር አወጣለሁ። ፊልሙ በሂትለር ምስል ይከፈትና በጀርመን መራኅያነ መንግሥት ምስሎች ይዘጋል፤ ቪሊ ብራንት ከመካከላቸው የለም። ሰው ኮቱን እየለበሰ እንዳያመልጠው መብራት አላበራም።

የቴሌቪዥን ተከታታዩ «በርሊን አሌክሳንደርፕላትስ» 13 ክፍልና መደምደሚያ አለው፣ ከ15 ሰዓት በላይ ይወስዳል። የመጀመሪያውን ብቻውን፣ ቀሪዎቹን ሁለት ሁለት፣ መደምደሚያውን ብቻውን ካሳየን በስምንት ምሽት ያልቃል። በ16 ሚሊ ሜትር የተቀረጸ ነው፤ በ1980 ሲተላለፍ ጨለመብን የሚል ቅሬታ በዝቶ ነበር። የ2007ቱ እድሳት ብዙ አስተካክሎታል። ቢሆንም ቀን ላይ ስስ መጋረጃ ባለው ክፍል አይታይም። ብርሃኑን ከፕሮጀክተሩ መጨመር ጥቁሩን ግራጫ ያደርገዋል እንጂ ምንም አይፈታም፤ መስኮቱን በካርቶን መድፈን ይሻላል።

ከእሱ በፊት «በ13 ጨረቃዎች ዓመት» የሚለውን የ1978 ፊልም አስገባለሁ፤ ካሜራውንም ራሱ የያዘበት ነው። እውነተኛ የቄራ ትዕይንት ስላለበት በግልጽ አስጠነቅቃለሁ፣ ልጆችም አላስገባም። ቄራው በአሌክሳንደርፕላትስ መደምደሚያ ላይ ሰዎች ከብቶቹን ተክተው ተመልሶ ይመጣል፣ የፊተኛውን ያላየ ተመልካች ደግሞ እዚያ ላይ ግራ ይገባዋል።