ጭምብል ያጠለቀው ገጣሚና ታዳሚው

ሰሞኑን ከሐሳቤ ያልወጣው ኤምኤፍ ዱም ነው። ትክክለኛ ስሙ ዳንኤል ዱሚሌ ሲሆን፣ እ.ኤ.አ. በ1971 ለንደን ተወልዶ፣ አሜሪካ አድጎ፣ በ2020 ያረፈ የራፕ ገጣሚ ነበር። በ1993 የሙዚቃ ባልደረባውም የነበረውን ወንድሙን በመኪና አደጋ ካጣ በኋላ ለዓመታት ከመድረክ ርቆ ቆየ፤ ሲመለስም መጀመሪያ ፊቱን በሴቶች የናይሎን ካልሲ ሸፍኖ፣ ኋላም የብረት ጭምብል አጥልቆ መጣ። ሰው መልኩን ትቶ ቃሉን እንዲያደምጥ ይፈልግ ነበር።

ጎንደር ላደገ ሰው ይህን መቀበል ቀላል አይደለም። እኛ ዘንድ አዝማሪው ማሲንቆውን ይዞ በታዳሚው መካከል እየተዘዋወረ፣ የእያንዳንዱን ፊት እያየ ይገጥማል፤ ደስ ያለውም ተነሥቶ ብር ግንባሩ ላይ ይለጥፍለታል። ጭምብል ላጠለቀ ሰው ይህን ሽልማት የት እናኖርለታለን?

ሆኖም ፊቱ የማይታይ ዜመኛ ለእኛም እንግዳ አይደለም። ላሊበሎች ጎህ ሳይቀድ ደጅ ቆመው ሲያዜሙ የምንሰማቸው ከአልጋችን ሳንወርድ ነው፤ የባለቤቱንም ስም አስቀድመው ከጎረቤት ጠይቀው በዜማቸው ውስጥ ያስገቡታል። ልጅ ሳለሁ የአባቴ ስም ከበር ውጭ ሲዜም እየሰማሁ፣ ያ የማላየው ሰው በብርዱ ውስጥ ለእኛ ብሎ እንደቆመ አንድም ጊዜ ተጠራጥሬ አላውቅም። ስለዚህ ቅር ያሰኘኝ የፊቱ መሸፈን አይደለም።

ቅር ያሰኘኝ፣ ዱም በአንዳንድ ዝግጅቶቹ ላይ የራሱን ጭምብል ያጠለቀ ሌላ ሰው ወደ መድረክ መላኩ ነው። ተተኪው በተቀዳ ድምፅ ላይ ከንፈሩን ሲያንቀሳቅስ ታዳሚው ነቅቶበት ተቆጣ። ዱም ግን ደራሲውም አዘጋጁም እኔ ስለሆንኩ ገጸ ባሕርዩን ማን እንደሚጫወት የምመርጠው እኔ ነኝ ሲል ተከራከረ። ክርክሩ ብርቱ ነው፤ ቴአትር የሚሠራ ሰው በቀላሉ አይጥለውም። እኔ ግን ከታዳሚው ጋር ነኝ፤ ምክንያቱም ያ ታዳሚ ፊት የማየት መብቱን በፈቃዱ የተወው፣ ቢያንስ ድምፁ የባለቤቱ ይሆናል ብሎ አምኖ ነበር።

አዝማሪ ቤት ተተኪ ሰው ምሽቱን ተሸፍኖ ሊያልፍ የማይችለውም ለዚህ ይመስለኛል። ታዳሚው «ተቀበል!» ብሎ ከራሱ አፍልቆ ግጥም ይሰጣል፤ አዝማሪውም እዚያው ተቀብሎ፣ ከማሲንቆው ጋር አስማምቶ መመለስ አለበት። ፊቱ በብረት ቢጋረድ እንኳ ይህን ማድረግ ይችላል፤ በተቀዳ ድምፅ ከንፈሩን የሚያንቀሳቅሰው ሰው ግን ከመካከላችን አንዱ ተነሥቶ አንድ ስንኝ ቢሰጠው የሚመልሰው ነገር አይኖረውም።