ሠረቀ እና ሰረቀ፦ የቤተሰቤን ስሞች ፍች ስሰበስብ የገጠመኝ

ይህን የምጽፈው እኔን ያስጠነቀቀኝ ሰው ስላልነበረ ነው። የስም ትርጉም መሰብሰብ ከባድ አይደለም። ታላላቆችን ትጠይቃላችሁ፣ ትጽፋላችሁ፣ በቃ። ከባዱ ያ ትርጉም መንግሥት ወረቀት ላይ ሲሰፍር እንዳይበላሽ መጠበቅ ነው። ልጅ ሊወለድላችሁ ከሆነ፣ በተለይ ቤታችሁ ውስጥ የግዕዝ ስም ካለ፣ አንብቡት።

ሥራውን የጀመርኩት ባለቤቴ ፀንሳ ሳለ ነው። ለልጃችን ስም ከመምረጣችን በፊት ያሉንን ስሞች እንወቃቸው ተባባልን። ሰባት ቤት መቁጠር የሚታወቀው ለጋብቻ ነው። ለስም ፍለጋም ግን ከእሱ የተሻለ መነሻ አላገኘሁም። በአባቴ በኩል ያሉትን ስሞች አያቴ በቃላቸው አወረዷቸው፤ በባለቤቴ በኩል አክስቷ ነገረችን።

አንድ ነገር ቶሎ ገባኝ። ሽማግሌን «የዚህ ስም ትርጉሙ ምንድን ነው?» ብሎ መጠየቅ ብዙ አያስገኝም። «ማን አወጣው? ያኔ ቤቱ ውስጥ ምን ሆኖ ነበር?» በሏቸው። አጎቴ ማስረሻ ይባላል። ኀዘን የሚያስረሳ ማለት እንደሆነ ማንም ይነግራችኋል። ማን አወጣው ስል ግን ከእሱ በፊት የሞተ ሕፃን እንደነበረና ስሙን ያወጣችው ለቅሶ ቤት ስትመላለስ የከረመች ጎረቤት እንደሆነች ሰማሁ። ካሳ፣ ምትኩ፣ ተካ የሚባሉ ስሞችም ብዙ ጊዜ ከጀርባቸው የጎደለ ሰው አለ። የሞተው ልጅ ስሙ ባይታወቅ እንኳ ቦታው በወንድሙ ስም ላይ ተመዝግቧል። እኔ ይህን ካወቅሁ በኋላ ምትኩ የሚባል ሰው ስተዋወቅ በሌላ ጆሮ ነው የምሰማው።

ድምፅ ቅዱ። ፊደላችን የሚጠብቀውንና የሚላላውን አይለይም። በላቸው ተብሎ ሲጻፍ ምግብ የበላ ሰው ይመስላል፤ ሲጠራ ግን «ላ» ትላላለች፣ ትርጉሙም «ምታቸው» ነው። ከሺፈራውና ከደምሰው ጋር የሚሰለፍ የጦረኛ ስም ነው። ጽሑፉ ብቻ ቢደርሰው የልጅ ልጅ ይህን አያውቅም።

ሌላው፣ አንድ ሰው አንድ ስም ብቻ ነበረው ብላችሁ አትነሡ። በኦርቶዶክስ ቤተሰብ ወንድ በ40፣ ሴት በ80 ቀን ሲጠመቁ ሌላ ስም ያገኛሉ። ገብረ፣ ወልደ፣ ኃይለ፣ ወለተ፣ አመተ እያለ የሚጀምረው ነው። ከቤተ ክርስቲያን ውጭ ብዙም አይጠራም። ተፈሪ መኮንን በ1923 ሲነግሡ ይዘውት የነገሡት ኃይለ ሥላሴ የሚለው የክርስትና ስማቸው ነበር። የፈረስ ስምም አለ። ምኒልክ አባ ዳኘው፣ አሉላ አባ ነጋ ይባሉ ነበር። ስለዚህ በትውልድ ቆጠራው ላይ «አባ» የሚል ሲገጥማችሁ ቸኩላችሁ መነኩሴ አታድርጉት። የባለቤቴ አያት ደግሞ ለተብርሃን ይባላሉ። በትግርኛ ስሞች ላይ ያለው «ለተ» የግዕዙ «ወለተ» ነው። የብርሃን ልጅ ማለት ነው። የእኔም አባት ስም ውስጥ ብርሃን ስላለ፣ በሁለታችንም ቤት መኖሩ በጣም ደስ አለን።

አሁን ወደ ዋናው ነገር ልግባ።

የአባቴ ስም ሠረቀብርሃን ነው። በንጉሡ ሠ። በግዕዝ ሠረቀ ማለት ፀሐይ ወጣች ስንል ያለው «ወጣ» ነው። ምሥራቅ የሚለው ቃልም ከዚያው ይወጣል። አያቴ ቄስ ናቸው፤ ልጃቸው ሊነጋጋ ሲል ስለተወለደ ያወጡት ስም ነው። በእሳቱ ሰ ከተጻፈ ግን ሰረቀ ያው ሌባ የሚያደርገው ነው። በግዕዝ ሁለቱ ሁለት ቃል ናቸው። የሚለያቸው አንድ ፊደል ብቻ ነው።

ልጃችን ተወለደ። ስሙን አወጣን። የወሳኝ ኩነት አዋጁ፣ ቁጥር 760/2004፣ ልደት በ90 ቀን ውስጥ ይመዝገብ ይላል። መታወቂያችንን፣ የሆስፒታሉን ወረቀት ይዤ ሄድኩ። ወረፋ ጠበቅሁ። ቅጹን ሞላሁ፤ የአባቴን ስም በትልልቅ ፊደል፣ አንድ ላይ፣ በንጉሡ ሠ ጻፍኩት። መታወቂያዬም ላይ ያለው እንደዚያው ነው። ሠራተኛው ወደ ኮምፒዩተር ገለበጠው። ስክሪኑ የዞረው ወደ እሱ ነው፤ እኔ የማየው የስክሪኑን ጀርባ ነበር። አተመ፣ አስፈረመ፣ ማኅተም አሳርፎ ሰጠኝ።

የልጄ የአያት ስም በሚለው ቦታ ላይ የተጻፈው «ሰረቀ» ነበር። በእሳቱ ሰ። ብርሃንም የለም።

«ወንድሜ፣ ይሄ የአባቴ ስም አይደለም።»

«ሰረቀ አይደል እንዴ የሚባሉት?»

«ሠረቀብርሃን ነው። በንጉሡ ሠ። አንድ ላይ ነው የሚጻፈው። ቅጹ ላይ ጽፌልሃለሁ።»

«ሁለተኛውን ሲስተሙ አልያዘው ይሆናል። ፊደሉስ ሲነበብ ያው አይደል?»

ያው አይደለም። ይህችን «ያው ነው» የምትባል ነገር ከዚያ በኋላ በየጠረጴዛው ሰማኋት። ያው ቢሆን ኖሮ አባቶቻችን ንጉሡ ሠ፣ እሳቱ ሰ፣ ሐመሩ ሐ፣ ብዙኃኑ ኀ ብለው ለይተው ባላስተማሩን። መሐሪ በሐመሩ ሐ ይቅር ባይ ነው፤ በሃሌታው ሀ ሲጻፍ አስተማሪ ይሆናል። አመተ ማርያም በአልፋው አ የማርያም አገልጋይ ናት፤ በዐይኑ ዐ ከጻፋችኋት ዓመት ሆነች። በዕለት ጽሑፍ ፊደሎቹን ቀላቅሎ የሚጽፍ ሰው ላይ አልፈርድም፤ እኔም ስቸኩል እቀላቅላለሁ። የሰው ስም ግን ባለቤት አለው። ባለቤቱ ቆሞ እንዲህ ነው ሲል መስማት የመዝጋቢ ሥራ ነው።

እንዲያስተካክለው ስለምነው ማኅተም ያረፈበት አይነካም አለኝ። አለቃው ጋ ገባሁ። አለቃው ወረቀቱን ሳያነብ «የስም ለውጥ ፍርድ ቤት ነው፤ የእኛ ሥራ አይደለም» አለ። ስም አልቀየርኩም፣ የቀየራችሁት እናንተ ናችሁ አልኩ። ድምፄ ከፍ ብሎ ነበር። «ለቀጣዩ ሰው ቦታ ልቀቅ» ተባልኩ። በሌላ ቀን ስመለስ አለቃው ስብሰባ ነው፤ ከዚያ ደግሞ ኔትወርክ የለም። ቀኑ እየሮጠ ነው። አባቴ «ተወው፣ እኔ ማን እንደሆንኩ አውቃለሁ» ይለኛል። እሱ ያውቃል። ልጄ ግን ትምህርት ቤት ሲገባ በየዓመቱ የሚጠራው በዚያ ወረቀት ነው።

ያዳነኝ ፍርድ ቤት በር ላይ ጃንጥላ ዘርግቶ የሚሠራ ማመልከቻ ጸሐፊ ነው። ክስ ልታጻፍ ነው ብሎ ወረቀት አወጣ። ነገሩን ስነግረው እስክሪብቶውን አስቀመጠና «ስምህን ልትቀይር ነው ወይስ ስሕተት ልታሳርም?» አለኝ። ስሕተት ነው አልኩት። «እንግዲያው ለምን እዚህ መጣህ? ማመልከቻህ ላይ "ስም" የሚለውን ርእሱ ላይ አታስገባ። እሱን ሲያዩ ነው ወደዚህ የሚልኩህ።» ከዚያ ጻፈልኝ፦ «ጉዳዩ፦ የጽሕፈት ስሕተት እንዲታረም ስለመጠየቅ»። ከታች ሁለት መስመር ብቻ። በቅጹ ላይ የሞላሁት እንዲህ ነው፣ የታተመው እንዲህ ነው፣ ልዩነቱ የተፈጠረው ሲገለበጥ ነው። የመታወቂያዬን፣ የአባቴን መታወቂያና የራሴን የድሮ የትምህርት ማስረጃ ቅጂ አባሪ አደረግሁ።

ይዤ ተመለስኩ። ያው አለቃ፣ ያው ጠረጴዛ። ርእሱን አነበበ፤ ከሞላሁት ቅጽ ጋር አስተያየ፤ ጥግ ላይ መርቶ ፈረመበት። ሠራተኛው አረመው። እኔም ስክሪኑን ወደ እኔ እንዲያዞረው ጠይቄ ቆሜ አየሁት። ሠ ለማውጣት አንድ ቁልፍ ጨምሮ መንካት ብቻ ነበር። ለዚያች አንድ ቁልፍ ያን ያህል መመላለሴ እስካሁን ያበሳጨኛል። ይቅርታ ያለኝም የለም።

ስለዚህ ምክሬን ልንገራችሁ። አንዳንዱ ምክር ቢሮ ውስጥ ከሚነገራችሁ ጋር አይገጥምም።

ጥምር ስምን ለሰነድ ስትሞሉ ገጥማችሁ ጻፉ። ሊቃውንቱ ገብረ ሥላሴ ለየብቻ ነው የሚጻፈው ይላሉ፤ በሰዋስው ልክ ናቸው። ክፍት ቦታ ያየ ኮምፒዩተር ግን ገብረን ይዞ ሥላሴን ይጥላል። ለመጽሐፍ ለዩት፣ ለመታወቂያ ግጠሙት።

«መጀመሪያ ልጁን አስመዝግቡ፣ የእናንተን መታወቂያ በኋላ ታስተካክላላችሁ» ከተባላችሁ አትስሙ። የልጁ ወረቀት ከእናንተ መታወቂያ ነው የሚቀዳው። የእናንተ የተበላሸ ከሆነ በእርግዝናው ጊዜ አሳርሙ፤ 90ው ቀን መቁጠር ሳይጀምር።

ከመታተሙ በፊት ስክሪኑን ካላየሁ በሉ። ፊት ያጠቁሩባችኋል። ይጥቆር። ማኅተሙ ካረፈ በኋላ የሚጠቁረው የእናንተ ፊት ነው።

የውጭ ሰነድ ለሚያወጡ ደግሞ አንድ ነገር። የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ እያንዳንዱ ሰው የቤተሰብ ስም አለው ይላል፤ በኑሯችን ግን ያለን የራስ፣ የአባትና የአያት ስም ነው። ሴት ስታገባም ስሟ አይቀየርም። የውጭ ቅጽ መጨረሻ ላይ ያገኘውን ስም የቤተሰብ ስም አድርጎ ይወስዳል። በዚህ ስሌት የእኔ ልጅ የቤተሰብ ስም የእኔ አባት ነው፣ የእኔ የእኔ አያት ነው፣ የባለቤቴ ደግሞ የእሷ አያት ነው። አንድ ቤት ውስጥ ሦስት የቤተሰብ ስም ማለት ነው፤ የማያውቅ ባለሥልጣን ልጁ የእናንተ መሆኑን ይጠይቃችኋል። በላቲን ፊደል አጻጻፉን ከፓስፖርታችሁ ጋር አንድ ዓይነት አድርጉት፣ ከልጅ ጋር ስትጓዙም የልደት ምስክር ወረቀቱን ትርጉም አስደርጋችሁ ከፓስፖርቱ ጋር ያዙ።