የግንበኛው ደብተር፦ የእህቴን ባል የሞት ካሳ የጠየቅንበት መንገድ

የእህቴ ባል በጥር ወር 2013 ዓ.ም. አዲስ አበባ ውስጥ መንገድ ሲያቋርጥ ሚኒባስ ታክሲ ገጭቶት ሕይወቱ አለፈ። ባለቤቱን፣ የ4 እና የ9 ዓመት ልጆቹን እንዲሁም ገጠር ያሉ እናቱን በግንበኝነት የሚያስተዳድር ሰው ነበር። የካሳውን ጉዳይ ከመጀመሪያው እስከ አፈጻጸሙ የተከታተልኩት እኔ በመሆኔ፣ ተመሳሳይ ሐዘን የደረሰበት ቤተሰብ እኛ ያባከንነውን ጊዜ እንዳያባክን የሆነውን እጽፋለሁ።

በሣልስቱ ዕለት፣ ድንኳኑ ገና ሳይነሣ፣ ከሹፌሩና ከባለንብረቱ ወገን የተላኩ ሽማግሌዎች 30,000 ብር ይዘው መጡ። አንደኛው ለእህቴ፣ «ልጄ፣ ይቺ ለቀብሩ ወጪ ትሁንሽ፤ እዚህች ላይ ብቻ ፈርሚልን» አሏት። ወረቀቱን ተቀብዬ ሳነበው ከግርጌው «ከእንግዲህ በካሳም ሆነ በማናቸውም መንገድ የምጠይቀው ነገር የለም» ይላል። የዕርቅ ስምምነት በተስማሚዎቹ መካከል ይግባኝ እንደሌለው ፍርድ እንደሚቆጠር የፍትሐ ብሔር ሕጉ ቁጥር 3312 መደንገጉን ያወቅሁት ኋላ ነው፤ ያን ዕለት «በማናቸውም» የምትለው ቃል አላማረችኝም። ገንዘቡ ለቀብር ማስፈጸሚያ የተደረገ እርዳታ እንደሆነና የካሳ ጥያቄን እንደማይነካ ተደርጎ እንደገና እንዲጻፍ ለመንኩ። ሽማግሌዎቹ ትንሽ አጉረመረሙ፤ ነገር ግን ቅን ሰዎች ነበሩና አንዱ በእጃቸው ጻፉት፣ ሁላችንም ፈረምን። ከሁለት ዓመት በኋላ የባለንብረቱ ጠበቃ «ካሳ ተቀብለው ጨርሰዋል» ብለው ሲከራከሩ መልሳችን ያች ወረቀት ሆነች።

ትልቁ ስሕተታችን የወንጀሉን ፍርድ መጠበቃችን ነበር። ሹፌሩ ጥፋተኛ ካልተባለ ካሳ የሚባል ነገር የለም ብለን ስላመንን ዘጠኝ ወር ያህል እጃችንን አጣጥፈን ተቀመጥን። ሆኖም በዚያው የፍትሐ ብሔር ሕግ ቁጥር 2081 መሠረት የተሽከርካሪ ባለንብረት መኪናው ላደረሰው ጉዳት ያለ ጥፋቱ ኃላፊ ነው፤ በቁጥር 2149 መሠረት ደግሞ በወንጀል ነፃ መባል የፍትሐ ብሔሩን ዳኛ አያስገድድም። ባለንብረቱ «እኔ ገቢ ተቀባይ እንጂ አሽከርካሪ አይደለሁም» ማለታቸው ያልጠቀማቸው ለዚህ ነው። በአንጻሩ ጊዜው እየነጎደ ነበር፤ ይርጋው፣ ማለትም ክስ የሚቀርብበት የጊዜ ገደብ፣ በመሠረቱ 2 ዓመት ሲሆን፣ ድርጊቱ በወንጀል ሲያስጠይቅ ሊረዝም ቢችልም በዚያ ተስፋ መዘግየትን ለማንም አልመክርም።

ከትራፊክ ፖሊስ የአደጋውን ሪፖርትና ፕላን ግልባጭ አወጣን። የመኪናውን ባለንብረትና የመድን ሰጪውን ማንነት ያገኘነው ከዚያው ነው። በወቅቱ ይሠራበት በነበረው የሦስተኛ ወገን መድን (መኪና በሌላ ሰው ላይ ለሚያደርሰው ጉዳት የሚገባ መድን) አዋጅ ቁጥር 799/2005 ለሞት የሚከፈለው ከ5,000 ብር አያንስም፣ ከ40,000 ብር አይበልጥም ነበር። ብዙ ቤተሰብ ይህን ተቀብሎ ጉዳዩ እንዳበቃ ያስባል፤ እኛም ልናስብ ጥቂት ቀርቶን ነበር። መድኑ የሚከፍለው ባለንብረቱ ካለበት ዕዳ ላይ እስከ ጣሪያው ድረስ ብቻ ስለሆነ ሹፌሩን፣ ባለንብረቱንና መድን ሰጪውን በአንድ መዝገብ ከሰስን። የዳኝነት ገንዘብ መክፈል ስለማንችል ክሱ የተከፈተው በደሃ ደንብ ነው።

እኔ ሩጫዬን ሁሉ በወራሽነት ማስረጃ ላይ አድርጌው ነበር። መድን ሰጪው ስለጠየቀን ልፋቱ ከንቱ ባይሆንም፣ የክሱ መሠረት ውርስ እንዳልሆነ የገባኝ ዘግይቶ ነው። ቁጥር 2095 ለሟች ባለቤት፣ ለወላጆቹና ለተወላጆቹ በየራሳቸው ስም የሚሰጠው መብት በሞቱ ምክንያት የተቋረጠባቸውን መተዳደሪያ የሚተካ ነው። ስለዚህ ጥያቄው «ምን ያገኝ ነበር? ለማንስ ይሰጥ ነበር?» ወደሚለው ዞረ። የቀን ሠራተኛ ደግሞ የደመወዝ ደብዳቤ የለውም። ይሠራበት ወደነበረው ሕንፃ ሄጄ ፎርማኑን ባነጋግር፣ ከሲሚንቶ ከረጢቶች ጀርባ ካለው ሳጥን ውስጥ ጠርዙ በኖራ የነጣ ደብተር አወጡልኝ፤ በየቅዳሜው የሠራበት ቀን ብዛት፣ 400 ብር የቀን ሒሳቡ፣ ከጎኑም የእሱ ፊርማ አለ። የሰባት ወሩ አማካይ በወር 21 ቀን፣ ማለትም 8,400 ብር ሆነ። ፎርማኑ ቀርበው መሰከሩ፤ ለእናቱ ይልክ የነበረውንም በባንክ ደረሰኞች አስረዳን።

ፍርድ ቤቱ ለራሱ ያወጣው የነበረውን አንድ ሦስተኛ፣ ሥራ የሚጠፋባቸውንም ወራት ግምት ውስጥ አስገብቶ 612,000 ብር በአንድ ጊዜ እንዲከፈል ወሰነ። ለሕሊና ጉዳት፣ ማለትም ለሐዘኑ፣ የተጨመረው 1,000 ብር ነው። በ1952 ዓ.ም. የወጣው ሕግ በቁጥር 2116 ያስቀመጠው ጣሪያ ይኸው ስለሆነ ዳኛዋ ሊያልፉት አይችሉም፤ እህቴ ቁጥሩን ስትሰማ ሦስት ዜሮ ጎድሎ የተነበበ መስሏት ወደኔ ዞረች። ሕጉ በተጻፈበት ዘመን ብዙ ይገዛ የነበረ ገንዘብ ዛሬም ባለበት መቆሙ፣ በእኔ እምነት፣ ከሕጉ ጉድለቶች ሁሉ የሚያሳፍረው ነው።

ፍርድ ማግኘትና ገንዘቡን መቀበል ግን የተለያዩ ናቸው። ባለንብረቱ ያላቸው ያች አንድ ሚኒባስ ብቻ ስለነበረች፣ ክሱን ባቀረብንበት ሰሞን መኪናዋ «እንዳትሸጥ፣ እንዳትለወጥ» የሚል የዕግድ ትዕዛዝ አውጥተን ለመንገድ ትራንስፖርት ጽሕፈት ቤቱ አድርሰን ነበር፤ ከወር በኋላ ገዢ ይዘው ሄደው እንደተመለሱ ሰምተናል። በአፈጻጸሙ መኪናዋን በሐራጅ ከማሸጥ ስምምነት መረጥን። የመድኑ 40,000 ብር ሲቀነስ ከቀረው 573,000 ብር ውስጥ 250,000 ብር ወዲያው ተከፈለ፤ ቀሪው በየወሩ 19,000 ብር ለ17 ወራት ወደ እህቴ ሒሳብ እንዲገባ፣ ዕግዱም እስከ መጨረሻው ክፍያ እንዲጸና በአፈጻጸም መዝገቡ ላይ ተመዘገበ። ሚኒባሷ እየሠራች ከፈለች።