ጽጌረዳ መካከል የተተከለው ችካል

ሜልበርን ከተማ በአንድ የቅየሳ ቢሮ በረዳትነት ተቀጥሬ ሦስተኛ ሳምንቴ ነበር። አለቃዬ ብጣሽ ወረቀት ሰጠኝና «የዚህን ቦታ የመጀመሪያ ፕላን አውጣ፤ ነገ ፉትስክሬይ ሄደን እንቀይሰዋለን» አለኝ። ወረቀቱ ላይ የክፍል ቁጥር፣ የቦታ ቁጥርና «ቡርክ» የሚል ስም ነበረ። ከግርጌ ደግሞ «ከት ፖ ፖ» ይላል። ይህን ስልክ ሲያነጋግር የጫረው መስሎኝ አለፍኩት።

ቡርክን ግን አውቀው ነበር፤ ያጠፋኝም እሱ ነው። ቡርክ የቅኝ ግዛት ዘመን አውራጃ ነው። ሜልበርን ያለችባት የአውስትራሊያ ግዛት ቪክቶሪያ ለመሬት ሰነድ ሲባል በ37 አውራጃዎች ተከፍላ ሜልበርን የቡርክ ድርሻ ሆነች። ስሙ የተወሰደው እ.ኤ.አ. ከ1831 እስከ 1837 ኒው ሳውዝ ዌልስን ካስተዳደረው ከሪቻርድ ቡርክ ነው። አውራጃው ምክር ቤት የለውም፣ ግብር አይሰበስብም፤ የከተማዋ ሰው ቡርክ ሲባል የሚያስበው መሀል ከተማ ያለውን ጎዳና ብቻ ነው። በአሮጌ የመሬት ሰነድ ላይ ግን ስሙ ዛሬም አለ። አውራጃው ደግሞ ከቤተ ክርስቲያን በተዋሱት ስያሜ በሚጠሩ ትንንሽ የመሬት ክፍሎች ይከፈላል፤ አጥቢያ ልበላቸው። ስሙ እንጂ ሥራው የቤተ ክርስቲያን አይደለም፤ አገር ቤትም አጥቢያ ዳኛ ቄስ አልነበረም።

ቡርክን፣ ክፍሉንና የቦታውን ቁጥር ኮምፒውተሩ ላይ ጻፍኩ። ከመጡልኝ ፕላኖች የመጀመሪያውን አተምኩ፤ እንዲያውም ፈጠንኩ ብዬ ኮራሁ።

በማግስቱ ፕላኑ የቦታው ፊት አንድ ሰንሰለት ተኩል ነው አለን። የቀያሽ ሰንሰለት 66 ጫማ፣ ማለትም 20.12 ሜትር ስለሆነ 30.18 ሜትር ለካሁ። ሁለተኛው ችካል አጥሩን አልፎ የጎረቤት ጽጌረዳ መካከል አረፈ። ሴትዮዋ በመስኮት እያየችኝ መዶሻዬን አንስቼ መታሁት! አለቃዬ ከመኪናው ወርዶ ፕላኑን ተቀበለኝና ጥግ ላይ ያለውን ጽሑፍ አነበበ። ጂካ ጂካ አጥቢያ ይላል፤ ኖርዝኮት ያለበት፣ ከተማዋን አቋርጦ ወዲያ ማዶ። እኛ የቆምንበት ፉትስክሬይ ከት ፖ ፖ አጥቢያ ነው። ሁለቱም ቡርክ ውስጥ ናቸው፤ በሁለቱም ያው የክፍል ቁጥር፣ ያው የቦታ ቁጥር አለ።

አልተቆጣም። «ቁጥሩ በየአጥቢያው እንደ አዲስ ከአንድ ይጀምራል» ብቻ አለኝ። ቢቆጣ ይሻለኝ ነበር፤ ምክንያቱም ይህን ከማንም በፊት ማወቅ የነበረብኝ እኔ ነኝ። አዲስ አበባ ሳለሁ የእናቴን ቤት ፋይል ፍለጋ ክፍለ ከተማ ሄጄ የቤት ቁጥሩን በኩራት ስነግረው የመዝገብ ቤቱ ሠራተኛ ቀና ብሎም አላየኝም። «ወንድሜ፣ ቁጥርማ ሁሉም ቀበሌ አለው። በደርግ ጊዜ ከፍተኛ ስንት፣ ቀበሌ ስንት ነበር?» አለኝ። ከቀበሌ በላይ የነበረው ከፍተኛ የሚባል እርከን ከቀረ ዓመታት አልፈው ነበር። እናቴ ግን ከኋላዬ ሆና ሳታመነታ መለሰችለት፤ ፋይሉም በአምስት ደቂቃ ውስጥ ተገኘ።

ችካሉን ነቅዬ አፈሩን በእጄ ደለደልኩ። ሴትዮዋ እስክጨርስ ከመስኮቱ አልተነሳችም።