በሩን አመሰገንኩት

ዛሬ ጠዋት በር አመሰገንኩ። ሰው አልከፈተልኝም፤ በራሱ የሚከፈት የመስታወት በር ነው። ስጠጋው ግራና ቀኝ ተከፈለልኝ፣ እኔም በልማድ "እግዜር ይስጥልኝ" ብዬው ገባሁ። ታናሼ ከኋላዬ ሆና ሆዷን ይዛ ሳቀች። ከሌሊቱ ጀምሮ ፊቴ ጨፍግጎ ስለነበር እኔን አላሳቀኝም።

ከዚያ በኋላ መቁጠር ጀመርኩ። በሩን ጨምሮ እስከ ምሳ ሰዓት 11 ጊዜ አመስግኛለሁ። መንገድ የለቀቀልኝን አመሰገንኩ፣ ሳልጠይቀው ተሽከርካሪ ወንበሬን የገፋውን አመሰገንኩ፣ "አይዞሽ" ያለኝን አመሰገንኩ። ምን ሆኜ ነው አይዞሽ የምባለው? ወረቀት ላስገባ ነው የወጣሁት። አንዲት እናት ደግሞ ጎንበስ ብለው "እግዜር ይማርሽ" አሉኝ፤ አሜን አልኩ። አሜንም ከምስጋና ከተቆጠረ 12 ነው።

ከእነዚህ ውስጥ አራቱ የአንድ መግቢያ ናቸው። ወረቀቱን የማስገባበት ሕንፃ ፊት ለፊት ስድስት ደረጃዎች አሉ። ከጎናቸው ራምፕም፣ ማለትም ተሽከርካሪ ወንበር የሚወጣበት ተዳፋት፣ አለ፤ አለ ከተባለ። በተለመደው መለኪያ ለአንድ እጅ ከፍታ አሥራ ሁለት እጅ ርዝመት ይሰጣል፤ 15 ሳንቲሜትር ለሆነች አንዲት ደረጃ ብቻ 180 ሳንቲሜትር ተዳፋት ማለት ነው። ለስድስቱ አስቡት። ይሄኛው ሁለት እርምጃ እንኳን አይሞላም፤ ወንበርን ወደ ኋላ ለመገልበጥ ካልሆነ ለምን እንደተሠራ አይገባኝም። አናቱ ላይ የአበባ ማሰሮ ተቀምጦበታል። አበባው ያምራል፣ አልዋሽም።

ስለዚህ አራት ወንዶች ተጠሩ። ሰውን ከነወንበሩ ማንሳት ዘዴ አለው፤ እኔም እንደ ሥራ ተቋራጭ መሐል ተቀምጬ አዛለሁ። "የእጅ ማሳረፊያውን አትያዙ፣ ይነቀላል። ጎማውንም አትያዙ፣ ይሽከረከራል። ከሥር ያለውን ብረት ያዙ።" ሁልጊዜ ግን አንዱ የእጅ ማሳረፊያውን ይይዛል። ዛሬም ያዘ፣ ዛሬም ተነቀለ። ሦስተኛው ደረጃ ላይ ወደ ግራ ዘመም ስል ጥበቃው በደረቱ ደግፎ መለሰኝ። ላይ ደርሰን አራቱንም በየተራ አመሰገንኩ። ጥበቃው ወገቡን በሁለት እጁ ይዞ "ምንም አይደል እህቴ፣ ግዴታችን ነው" አለኝ።

የማን ግዴታ?

ጁዲ ሂውማን ትዝ ያለችኝ ያኔ ነው። በፖሊዮ ምክንያት በወንበር የምትሄድ አሜሪካዊት ነበረች፤ ሕፃን ሳለች "ለእሳት አደጋ ታሰጊያለሽ" ተብላ ከትምህርት ቤት በር የተመለሰች። አድጋ መምህርት ልሁን ስትል የኒውዮርክ የትምህርት ቦርድ ፈቃድ ነሳት፤ ከሰሰችው፣ ፈቃዱንም አገኘች። እኔ ግን ከሁሉ የማልረሳላት ስለ መጸዳጃ ቤት የተናገረችውን ነው። ወንበር የሚያስገባ መጸዳጃ ቤት ባገኘሁ ቁጥር ማመስገን ሰልችቶኛል፣ ለዚህም ካመሰገንኩ ከሰው እኩል የምሆነው መቼ ነው የሚል ነበር ነገሯ። ይህን ሳነብ አጨብጭቤ ነበር። እኔ፣ በር የማመሰግነው።

እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ1977 እሷና ከመቶ በላይ ሰዎች ሳን ፍራንሲስኮ ውስጥ አንድ የመንግሥት ሕንፃ ገብተው አንወጣም አሉ። አካል ጉዳተኞችን ከማግለል የሚከለክል አንቀጽ ከ1973 ጀምሮ በሕጉ ውስጥ ተጽፎ ሳለ ማስፈጸሚያ ደንቡን የሚፈርም ሰው ጠፍቶ ነበር። ስልካቸው ሲቆረጥ መስማት የተሳናቸው በመስኮት ቆመው በምልክት ቋንቋ ከውጭ ሰዎች ጋር ተነጋገሩ። ትኩስ ምግብ የሚያመጡላቸው ለጥቁር አሜሪካውያን መብት የሚታገለው የጥቁር ፓንተር ፓርቲ አባላት ነበሩ። ለምግቡ ሳያመሰግኑ የቀሩ አይመስለኝም፤ የራበው ሰው ያመሰግናል። ሦስት ሳምንት አልፎ ሚኒስትሩ ጆሴፍ ካሊፋኖ ሲፈርምስ? "እግዜር ይስጥልን" ያለ ሰው ይኖር ይሆን? እኔ ብሆን ደብዳቤ እጽፍለት ነበር።

ስለ 1990ው ሳስብ ግን ደፋር የመምሰሉም ነገር ይቀርብኛል። ዋሽንግተን ላይ 60 ያህል ሰዎች ወንበራቸውንና ክራንቻቸውን ከታች ትተው የካፒቶልን፣ የአሜሪካ ምክር ቤት ሕንፃን፣ ደረጃ በክንዳቸውና በጉልበታቸው እየተጎተቱ ወጡ። አንዷ ጄኒፈር ኪላን ናት፣ የስምንት ዓመት ልጅ። የጠየቁት አዲስ የአካል ጉዳተኞች መብት ሕግ የተፈረመው በዚያው ዓመት ሐምሌ ነው። እነዚያን ሰዎች አራት ደግ ወንዶች መጥተው "እንሸከማችሁ" ቢሏቸው ኖሮ ነገሩ ሁሉ በተበላሸ ነበር። ደረጃው መታየት ነበረበት። የእኔ ስድስት ደረጃዎች በአራት ሰው ጉልበት በየቀኑ ይሸፈናሉ፤ ማንም አያያቸውም፤ የአበባው ማሰሮም ከቦታው ንቅንቅ አይልም። ወርጄ በክርኔ ልውጣ እንዴ ብዬ ለአፍታ አስቤ ነበር። የከለከለኝ የፖለቲካ ምክንያት ቢሆን ደስ ባለኝ፤ ቀሚሱ አዲስ ነው።

ማታ፣ የተነቀለውን የእጅ ማሳረፊያ ታናሼ በገመድ ስታስር፣ ስለ ራምፑ አቤቱታ ለመጻፍ ተቀመጥኩ። ልኬቱን አስገባሁ፣ ማሰሮውን አስገባሁ፣ የጥበቃውን ወገብም አስገባሁ፤ እሱም እኮ የተበደለ ነው፣ ሥራው በር መጠበቅ እንጂ ሰው መሸከም አይደለም። ቁጣዬ በጣም ደስ አለኝ። ጨርሼ ከላይ ጀምሬ ሳነበው የመጨረሻው መስመር "ስለሚደረግልኝ ትብብር በቅድሚያ ከልብ አመሰግናለሁ" ይላል። መቼ እንደጻፍኩት አላስታውስም። አጠፋሁት። ሳጠፋው ደብዳቤው ባለጌ መሰለኝ። "ከልብ" የምትለዋን ብቻ አውጥቼ መለስኩት።

አቤቱታ የሚገባው ደግሞ እዚያው ሕንፃ ነው። ነገ ተረኛው ያው ጥበቃ ይሆን?