ደወሉን ማርገብ

ማታ ማታ የምሞነጫጭረው ልቦለድ ውስጥ አንድ የድንጋይ ደወል አለ። የድግምት ደወል ነው። አጠገቡ ቆሞ ቂሙን የተናገረ ሰው ሁሉ ቃሉ እዚያው ይቀራል። ቂሙ ሲበዛ ደወሉ ማንም ሳይመታው ማጉረምረም ይጀምራል። ከዚያ ግድግዳዎች ወዲህና ወዲያ ማለት ይጀምራሉ። ከዚያ ወዲያ ያለውን ለምዕራፍ አራት አቆይቼዋለሁ።

ደወሉን ከየት አመጣሽው ለምትሉኝ፣ ከጣና ነው። በሐይቁ ገዳማት የተንጠለጠሉ የድንጋይ ደወሎች አሉ። በትንሽ ድንጋይ ሲመቱ ብረት የተመታ ነው የሚመስለው። ቂሙን የጨመርኩት እኔ ነኝ፤ ገዳማቱ የሉበትም።

ከሰሞኑ ሐሳቤን የያዘው፣ ይህ ደወል አንዴ ከተነሳ በምን ይበርዳል የሚለው ነው። ቀላሉ መንገድ ይታወቃል። ጀግናው እጁን ያነሳል፣ አንዲት ቃል ይላል፣ አለቀ። እንደዚህ ዓይነት ነገር ሳነብ መጽሐፉን አጥፌ እተኛለሁ። ያ ሁሉ ጉልበት የት ገባ? ግድግዳ ሲነቀንቅ የነበረ ነገር ዝም ብሎ አይጠፋም።

መሐንዲስ ጓደኛዬን ጠየቅኩት።

«አንቺ ደግሞ፣ ድግምቱን ተይውና ዥዋዥዌ አስቢ» አለኝ። ዥዋዥዌ ላይ የተቀመጠ ልጅ ተመልሶ በመጣ ቁጥር፣ ልክ በሰዓቱ፣ በጣት ነካ ብታደርጉት ጥቂት ቆይቶ እናቱን የሚያስጮህ ከፍታ ላይ ይደርሳል። ዋናው ጉልበቱ አይደለም፤ ሰዓቱን መጠበቁ ነው። ሬዞናንስ የሚሉት ይኸው ነው።

ቀጥሎ የነገረኝ የለንደኑን ሚሌኒየም ድልድይ ነው። እዚህ ላይ ነው እስክሪብቶ ፍለጋ የተነሳሁት። ይህ የእግረኛ ድልድይ እ.ኤ.አ. ጁን 10 ቀን 2000 ተከፈተ፤ ከሁለት ቀን በኋላ ተዘጋ። ሕዝቡ ሲሻገር ድልድዩ ወደ ጎን መወዝወዝ ጀመረ። መጀመሪያ ላይ ትንሽ ነበር። ነገር ግን ሰው ወለሉ ሲንቀሳቀስበት እንዳይወድቅ እግሩን ከፈት ያደርጋል፣ እርምጃውንም ሳያውቀው ከመወዝወዙ ጋር ያገጥማል። እንዳይወድቅ የሚራመደው ሰው ራሱ ድልድዩን ይገፋል ማለት ነው። ማንም ክፉ አላሰበም። ሁሉም ሚዛኑን እየጠበቀ ነበር!

ይህን ስሰማ የልቦለዴ መንደር ቁልጭ ብሎ ታየኝ። ደወሉ ሲጮህ ሕዝቡ እሱን ለማስቆም ይጮሃል፣ ጩኸቱ ከደወሉ ጋር ይገጥማል፣ ደወሉም ይብስበታል። ክፉ ጠንቋይ አያስፈልገኝም። ጠንቋዩን ከምዕራፍ ሁለት ሰረዝኩት፤ ደስ አይል ሰውዬ ነበር።

(የታኮማ ድልድይንስ ለምትሉ፣ አሜሪካ ውስጥ እ.ኤ.አ. በ1940 የወደቀውን ማለቴ ነው፤ የእሱ ታሪክ ሌላ ነው። ነፋሱና ድልድዩ እርስ በርስ እየተመጋገቡ ነው የፈረሰው። ጓደኛዬ በዚህ ጉዳይ ቀልድ አያውቅም።)

የለንደኑን እንዴት አዳኑት? ድልድዩን ድርቅ አድርገው አላሰሩትም። ከ80 በላይ ማርገቢያዎች ገጠሙለትና በ2002 ዳግም ተከፈተ። ገሚሶቹ ፈሳሽ ያለባቸው ናቸው፤ ንቅናቄውን ተቀብለው ወደ ሙቀት ይለውጡታል። ሌሎቹ በልካቸው የሚወዛወዙ ክብደቶች ናቸው። ታይፔ 101 የሚባለው ሰማይ ጠቀስ ፎቅ ውስጥም 660 ቶን የሚመዝን የብረት ኳስ በገመድ ተንጠልጥሏል። ሕንፃው ወደዚህ ሲል ኳሱ ዘግይቶ ወደዚያ ይጎትተዋል።

እንግዲህ ማርገብ የሚባለውን ጥበብ ከዚህ ተነስቼ ፈጠርኩት። ባለሙያዋ አርጋቢ ትባላለች። መጀመሪያ የወይራ እንጨት ታመጣለች። አንዱን ጫፍ በጥርሷ ትነክሳለች፣ ሌላውን ጫፍ ደወሉ ላይ ታሳርፋለች። የደወሉን ምት በጆሮዋ አታዳምጥም፤ በመንጋጋዋ ነው የምትሰማው። ከዚያ ትንሽ ድንጋይ በጠፍር ታንጠለጥላለች። ጠፍሩ ሲረዝም ድንጋዩ ቀስ ብሎ ይወዛወዛል፣ ሲያጥር ይፈጥናል። የድንጋዩ ክብደት ፍጥነቱን አይቀይረውም። ስለዚህ አርጋቢዋ ከጠፍሩ ጋር ነው ትግሏ። ጥቂት ታሳጥራለች፣ ትነክሳለች፣ ታዳምጣለች፣ መልሳ ታስረዝማለች።

ይህን የእጅ ሥራ ከበገና ደርዳሪዎች ነው የወሰድኩት። በገና አሥር አውታር አለው፤ በአውታሩና በብርኩማው መካከል እንዚራ የሚሉት ትንሽ ቆዳ ይገባል። ያ የሚነዝረው ድምፅ የሚመጣው ከእሱ ነው። ደርዳሪው ቆዳውን ነካ ያደርገዋል፣ አውታሩን ይመታል፣ ፊቱን ያጨማድዳል፣ እንደገና ነካ ያደርገዋል። በፀጉር ስንጥቅ ያህል ልዩነት አውታሩ ወይ ይናገራል ወይ ይዘጋል። እሱ ንዝረቱን ይፈልገዋል፣ የኔዋ አርጋቢ ታባርረዋለች። ጣታቸው ግን አንድ ነው።

ልኩ ሲገኝ ትንሹ ድንጋይ በራሱ መወዛወዝ ይጀምራል፣ ትልቁ ደወል ቀስ እያለ ይሰክናል። ከትንሹ ድንጋይ ሥር ማር የሞላ ገንቦ አለ። ድንጋዩ ማሩ ውስጥ እየተጎተተ ይወዛወዛል፣ ማሩም ይሞቃል። ዘይት ላድርገው ብዬ ነበር። ማር ይሻላል፤ ወፍራም ነው፣ ውድም ነው። መንደሩ ገንቦ ሙሉ ማር ለማዋጣት ሲያንገራግር መጻፍ እፈልጋለሁ።

ይሁንና ሁሉም ወደ ማሩ አይገባም። የተረፈው አርጋቢዋ እጅ ላይ ይቀራል። ከዚያን ቀን ጀምሮ እጇ ይንቀጠቀጣል፣ አይለቃትም። በዚያ አገር ለአርጋቢ ቡና የሚቀዳው እስከ ሲኒው ወገብ ድረስ ብቻ ነው፤ እንዳይፈስባት። ልጆች ምክንያቱን ሳይጠይቁ ያድጋሉ። እንግዳ የሆነ ሰው ሲኒዋን ጢም አድርጎ ከሞላ ቤቱ ሁሉ ይሳቀቃል። ከጻፍኩት ሁሉ የምወደው ይህቺን ነች፤ ጓደኛዬ ግን አልፏት ሄደ።

እሱን የያዘው ሌላ ነገር ነው። «ማሩስ?» አለኝ።

«ምን ማሩስ?»

«ከዚያ በኋላ ምን ያደርጉታል? ገንቦ ሙሉ ማር ይደፋል እንዳትዪኝ።»

እውነቱን ነው። በዚያ ድሃ መንደር ማንም ማር አይደፋም። የሰፈሩ ቂም ሁሉ የሞቀበት ማር ነው፤ ግን ማር ነው። አንዷ ወይዘሮ በሌሊት ትወስደዋለች፣ ጌሾ ትጨምርበታለች፣ ጠጅ ትጥላለች። ልጇን ልትድር ነው። ምዕራፍ አምስት ሰርጉ ላይ ይጀምራል፣ ብርሌው መዞር ሲጀምር።